የእውነት ሽማግሌ የቀጠረች ዳይሬክተር

ወርቅውሃ ዳኜ ፊልም ላይ የገደለቻቸው ባሎች ቢሰበሰቡ፣ ከሰበታ አዲስ አበባ የሚሄዱትን ታክሲዎች ሁሉ ሞልተው ትርፍ ይጭናሉ። ጉዱ ከመልኳ ነው። ቅንድቧ ከመሃል ተነሥቶ ወደ ላይ ስለሚሸሽ፣ ዝም ብላ ሽሮ ስታማስል እንኳ መርዝ የምትበጠብጥ ትመስላለች። የመጀመሪያው ዳይሬክተር ይህን አየና የእንጀራ እናት አደረጋት። ሁለተኛው ምቀኛ ጎረቤት አደረጋት። ሦስተኛው ባሏን በአይጥ መርዝ የምትጨርስ ሚስት አደረጋት፤ ከዚያ በኋላ የመጣው ሁሉ የቀያየረው መርዙን ብቻ ነው።

የሰበታ ሰው ደግሞ ፊልምና ኑሮ ለመለየት ጊዜ የለውም። ተወልዳ ባደገችበት ሰፈር ልቅሶ ቤት ገብታ ንፍሮ ልታዞር ስትነሣ፣ ለቀስተኛው ሁሉ በአንዴ ጾመኛ ሆነ። ሥጋ ቤቱ በር ላይ አጥንት የወረወረችለት ውሻ መጀመሪያ ሌላ ውሻ ጠርቶ አስቀመሰ፤ ትንሽ ቆይቶ፣ የቀመሰው በእግሩ መቆሙን አይቶ ነው ራሱ የበላው። ይህን በዓይኔ አይቻለሁ። ያላመነ ሰበታ ሄዶ ውሻውን ይጠይቅ።

እሷ በዚህ አልተናደደችም። “ካመኑኝማ ሠርቻለሁ ማለት ነው” ብላ ታልፈዋለች። የሚያናድዳት ሌላ ነገር ነበር፤ ካሜራው ያለቦታው ሲቆም። ጥርሷን ነክሳ ብርጭቆውን እያቀረበች ድንገት ታቆምና፣ “እዚያ ስትቆሙ እኮ እጄ አይታይም። መርዙን የያዝኩት በእጄ ነው፤ ፊቴ ምን ያደርግላችኋል?” ትላለች።

“አንቺ ግደይ፤ ሌላውን ለኛ ተይው” ይሏታል።

ይህን አብዝቶ የሚላት ዘርሁን ነበር። ዘርሁን ተዋናይም ዳይሬክተርም ነው። መልከ መልካም ነው፤ መልከ መልካም መሆኑንም ከማንም ቀድሞ ያወቀው ራሱ ነው። በመስታወት ፊት ሲያልፍ ሰላም ሳይል አያልፍም። ቡራዩ ላይ አንድ ጊዜ የተለጠፈው ፖስተሩ፣ ሴቶቹ ልጠው ሊወስዱት ቢሞክሩ እምቢ ስላላቸው፣ ከነግድግዳው ተሰርቋል።

የሁለቱ ጠብ የተጀመረው ገፈርሳ ነው። ግድቡ ዳር አንድ ፊልም ስንቀርጽ (የቡድኑን ሚኒባስ የምነዳው እኔ ነኝ) ዘርሁንን ታይፎይድ ያዘውና ተኛ። ትኩሳቱ እንዲህ ነው አይባልም፤ የተኛበት ቤት ባለቤቶች በዚያ ሳምንት ከሰል አልገዙም። ፕሮዲውሰሩ ዕቃውን አስጭኖ ቡድኑን ሊበትን ሲል ወርቅውሃ ከመኪናው ፊት ቆመች።

“እኔ እቀጥለዋለሁ” አለች።

ቀጠለችው። የባህር ዛፉ ጥላ ውሃው ላይ እስኪረዝም ትጠብቃለች። ገበሬው ከብቱን አጠጥቶ እስኪያልፍ ትታገሳለች፤ አንዳንዴም “ኦቦ፣ ከብቶቹን እንደገና ይመልሱልኝ” ብላ ትለምናለች። የፊልሙን ግማሽ እንዲህ አድርጋ እሷ ጨረሰችው። ዘርሁን በመጨረሻው ቀን በጋቢ ተጠቅልሎ መጣ፤ ደግፈን አቆምነው፤ አንድ ጊዜ “አክሽን!” አለና ተመልሶ ተኛ።

ፊልሙ ሲመረቅ ዘርሁን መድረክ ላይ ወጥቶ ሰው አመሰገነ። ሹፌሩን አመሰገነ፤ ተነሥቼ እጅ ነሣሁ። የጄኔሬተሩን ጠባቂ አመሰገነ። የገፈርሳን ውሃና ባህር ዛፍ ሳይቀር አመሰገነ። ወርቅውሃን አላነሣትም። ፊልሙ በኋላ ተሸለመ፤ ዘርሁንም ዋንጫውን አቅፎ፣ ዋንጫው ደግሞ ልጁን መስሎ፣ ፎቶ ተነሡ።

ከዚያ ቀን ወዲያ አላናገረችውም። አልተሳደበችም፣ ፌስቡክ ላይ አልጻፈችም፣ ለጋዜጠኛ አላወራችም። ዝም ብቻ። አንዳንድ ሰው ዝም ሲል የተረሳ ይመስላል፤ የሷ ዝምታ ግን እየተንተከተከ ያለ ክዳኑ ያልተከፈተ ድስት ነበር።

ከዚያ የራሷን ድርሰት ጻፈችና “ዳይሬክት የማደርገው እኔ ነኝ” ብላ ፕሮዲውሰር ፍለጋ ወጣች። አዲስ አበባ ያሉት ሁሉ አንብበው ወደዱትና አንድ ዓይነት ነገር ጠየቋት፤ “ማንን ነው የምትገድዪው?” “ማንንም” ስትላቸው አዘኑ። በመጨረሻ ሱሉልታ ያሉት ወይዘሮ ተስፋነሽ ጋ ወሰድኳት። ወይዘሮ ተስፋነሽ ከብት ያደልባሉ፣ ወተት ያከፋፍላሉ። የሱሉልታን ብርድ የማያውቅ ካለ፣ እዚያ ወተቱ ከላሟ ሳይወጣ ነው የሚረጋው።

ወይዘሮዋ ታሪኩን ካዳመጡ በኋላ እንባቸውን ጠረጉና፣ “ጥሩ ነው። ዘርሁን ይግባበት” አሉ።

“እትዬ፣ ከዘርሁን ጋር አንነጋገርም።”

“አትነጋገሪያ! ፊልም ሥሪ አልኩሽ እንጂ አግቢው መቼ አልኩሽ? ዘርሁን የሌለበትን ማን ያየዋል? እኔ ራሴ ገንዘቤን አውጥቼ አላየውም።”

ወርቅውሃ ድርሰቷን መሰብሰብ ጀመረች።

“ደግሞ ልንገርሽ” አሉ ወይዘሮ ተስፋነሽ፣ “አንቺ ጀማሪ ነሽ። በቀኑ ካልጨረስሽ ዘርሁን ይጨርሰዋል። ከጨረሰው ስሙ ከስምሽ ጎን ይገባል። ሰው የለፋበትን በነፃ አላስቀርም።”

እሺ አለች። ምን ትበል? ስለዚህ ነገሩ ግልጽ ነበር፤ ፊልሙ በቀኑ ካለቀ የሷ ነው። ካላለቀ ግን እንደ ገፈርሳው ይሆናል። ዘርሁንም ይህን ሰምቶ፣ በዋናው ተዋናይነት በደስታ ገባ።

ሥራው ሲጀመር እንዲህ ነበር። ዘርሁንና ወርቅውሃ ክንድ ለክንድ ሊነካኩ እስኪደርሱ ቆመው፣ እሷ ወደ ረዳቷ ወደ ሩቲ ትዞራለች። “ሩቲ፣ ዘርሁንን ትንሽ ዝቅ ብሎ ይቀመጥ በይው።” ዘርሁን ይሰማል። ሰምቶም ሩቲ እስክትነግረው ቆሞ ይጠብቃል። ሩቲ ዞራ “ዘርሁን፣ ትንሽ ዝቅ በል” ስትለው፣ “እንዴት ያለ ዝቅ? ዳይሬክተሯን ጠይቂልኝ” ይላል። ሩቲ ተመልሳ ትጠይቃለች። ልጅቷ አንገቷን ስታዞር ስትመልስ ከርማ፣ ፊልሙ ሲጋመስ አንገቷ ከኋላው ያለውን ሁሉ ማየት ጀምሮ ነበር።

እንዲህም ሆኖ ቀኑ ደረሰ። የቀረው አንድ ትዕይንት ብቻ ነው፤ ዋናው። ታሪኩ እንዲህ ነው፦ ዘርሁን የሚጫወተው ሹፌር ሳያስበው በመኪና ሰው ገድሏል። ሽማግሌዎች ይዘውት ወደ ሟች ሚስት ይሄዳሉ፤ ለምለም ሣር በእጃቸው ይዘው ይለምናሉ፤ ሴትየዋ ይቅር ትላለች፤ ሽማግሌዎቹ ይመርቃሉ። አለቀ። ቤቱ ከገፈርሳ በታች ቡራዩ ውስጥ ያለ የአንድ ገበሬ ግቢ ነው። በማግስቱ ግን ቤተሰቡ ልጁን ስለሚድር የሠርግ ድንኳን ሊተከል ነው፤ ድንኳኑ በግቢው አጥር ተደግፎ እኛ እስክንወጣ ይጠብቃል።

ወርቅውሃ አርቲፊሻል ሽማግሌ አልፈለገችም። ከዚህ በፊት በሠራችበት ፊልም የጥጥ ጺም የለጠፈ ወጣት ምርቃቱ መሃል ላይ ጺሙ ወጥ ውስጥ ገብቶበት፣ ፈልገው ሲያወጡት በርበሬ ነክቶት ቀይ ሽማግሌ ሆኖ ጨርሷል። ስለዚህ “የእውነት ሽማግሌ አምጣልኝ” አለችኝ። እኔም ኦቦ ገርባን ከሁለት ጓደኞቻቸው ጋር አመጣሁላት።

ኦቦ ገርባ የማያስታርቁት ጠብ የለም። በድንበር የተጣሉ ወንድማማቾች አስታርቀው ሲመለሱ፣ መንገድ ላይ ሊዋጉ ቀንድ ያጋጠሙ ሁለት በሬዎች አይተዋቸው አፍረው ተላልሰዋል ይባላል። እኔ በሬዎቹን አላየሁም፤ እንደሰማሁት ነው።

“አካም ጂርቱ፣ ኢንተላ ኮ” አሏት ሲገቡ፤ እንደምን አለሽ ልጄ ማለታቸው ነው። ጓደኞቻቸውም ተከትለው ተቀመጡ፤ አንደኛው ኦቦ ዲሪርሳ ይባላሉ፣ ቀጭን፣ ነገር የማያልፋቸው። ሦስተኛው ሽማግሌ ከመጡ ጀምሮ ራሳቸውን ከመነቅነቅ በቀር ምንም አልተናገሩም። ወይዘሮ ተስፋነሽም ከሱሉልታ መጥተው፣ ጥቁር መነጽር አድርገው፣ ከካሜራው ኋላ ፕላስቲክ ወንበር ላይ ተሠየሙ።

ካሜራማኑ ሶያማ ብርሃኑን አስተካከለ። የሟችን ሚስት የምትጫወተዋ ሄመን በሩ ላይ ቆመች። ሽማግሌዎቹ ሣራቸውን ያዙ።

“ሩቲ” አለች ወርቅውሃ፣ “ዘርሁንን ከበሩ ወደ ግራ ትንሽ ፈቀቅ ይበል በይው።”

ዘርሁን እዚያው ነው። ቆሞ ጠበቀ።

“ዘርሁን፣ ወደ ግራ ፈቀቅ” አለች ሩቲ።

“ምን ያህል? ጠይቂልኝ።”

ኦቦ ገርባ ተራ በተራ አዩአቸው። “ልጄ” አሉ፣ “ይሄ ሰው ጆሮው አይሰማም?”

“ይሰማል፣ ኦቦ።”

“ታዲያ ምነው በሰው አፍ?”

ሩቲ ጣልቃ ገባች። “አሠራሩ ነው ኦቦ። ፊልም እንዲህ ነው።”

“እ... ከጠዋት ጀምሮ መብራት የያዘውን ልጅ ግን በራሷ አፍ ነው የምትጮህበት” አሉ ኦቦ ዲሪርሳ።

ኦቦ ገርባ ወደ ዘርሁን ዞሩ። “አንተ ልጅ፣ ከእሷ ጋር ተጣልታችኋል?”

“እኔ ከማንም ጋር ቂም የለኝም አባቴ” አለ ዘርሁን፣ ግራ ፊቱን ወደ ካሜራው አዙሮ። ካሜራው ገና አልተከፈተም ነበር።

“ቂምማ የሚይዘው የተበደለ ነው። የበደለማ ምን ብሎ ይይዛል?” ብለው ኦቦ ገርባ ሣሩን ቀስ ብለው መሬት ላይ አስቀመጡት። ሌሎቹም አስቀመጡ። ሦስቱም ተነሡ።

“ኦቦ ገርባ!” አለች ወርቅውሃ፣ “ይሄ እኮ ፊልም ነው። እርቁ የውሸት ነው።”

“እርቁ የውሸት ይሁን፤ እሺ። ምርቃቱ ግን ከኔ አፍ ነው የሚወጣው። ከአፌ የወጣ ምርቃት የውሸት የሚሆነው እንዴት ነው? የእውነት ጠብ ግቢው ውስጥ ቆሞ፣ እኔ ለውሸት ጠብ ሣር ልያዝ? ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት። አልመርቅም።”

“ብቻ ይቀመጡልኝና አፍዎን ያንቀሳቅሱ፤ ድምፁን በኋላ...”

“ጺሙን ብቻ ከሆነ የፈለግሽው፣ እዚያ ፍየል አለልሽ” አሉ ኦቦ ዲሪርሳ።

ሰው ሳቀ። ወርቅውሃ አልሳቀችም። ፀሐይ ወደ ወጨጫ ተራራ ማዘቅዘቅ ጀምራለች፤ ባለሠርጎቹ የድንኳኑን እንጨት መቁጠር ይዘዋል። ዘርሁን ወደ ወይዘሮ ተስፋነሽ ጠጋ ብሎ፣ ለቅሶ ቤት እንደሚያጽናና ሰው ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ “እትዬ፣ አይጨነቁ። ሌላ ቤት፣ ሌላ ሽማግሌ ፈልጌ በሚቀጥለው ሳምንት እኔ እጨርሰዋለሁ። ለሷ ስል ነው” አለ።

ወይዘሮ ተስፋነሽ መነጽራቸውን አስተካክለው ወርቅውሃን አዩ። “ቃል ቃል ነው፣ ልጄ” አሉ።

ሁላችንም ሰምተናል። ሶያማ መሬት መሬት ያያል። ወርቅውሃ የተቀመጠውን ሣር አየች፣ ዘርሁንን ሳይሆን ጫማውን አየች፤ ከዚያ ወደ ሽማግሌዎቹ ሄደች።

“እሺ ኦቦ። አስታርቁን።”

ዘርሁን ይህን አልጠበቀም። “ማ? እኔ ምን...” ብሎ ጀመረ፤ ነገር ግን ሽማግሌ አስታርቃለሁ ሲል እምቢ ብሎ የሚሄድ ሰው ቡራዩ ውስጥ ሚኒባስ እንኳ አያሳፍረውም። ተቀመጠ። የግቢው ሰው፣ ባለሠርጉ፣ በአጥር የሚያይ ጎረቤት፣ ሁሉም ተጠጋ።

“ያ ማሽን ይጥፋ” አሉ ኦቦ ገርባ።

ሶያማ ወደ ወርቅውሃ ጎንበስ አለና፣ “ወርቄ፣ የእውነቱ ከድርሰቱ ይበልጣል። መብራቱን ብቻ አጥፍቼ ልቅረጸው?” አላት በሹክሹክታ። አየችው። ዳይሬክተር ናት፤ ስታስበው ታይታለች።

“አጥፋው” አለች።

ኦቦ ዲሪርሳ ግን ሰው አያምኑም። ጋቢያቸውን አውልቀው ካሜራውን እንደ ብርድ የመታው ጥጃ አለበሱት።

ኦቦ ገርባ ለጃርሱማ፣ ለሽምግልና ማለት ነው፣ ሲቀመጡ ደንብ አላቸው። ሰው የደረሰበትን በደል ራሱ እንዲናገር አይፈቅዱም። “የራሱን የሚያወራ እያወራ ይጨምራል” ይላሉ። ስለዚህ አንዱ የሌላውን ነው የሚናገረው፤ እሷ እሱ በሷ የሚከፋበትን፣ እሱ ደግሞ እሷ በሱ የምትከፋበትን።

“አንቺ ጀምሪ። ይሄ ሰው ባንቺ ምን ይከፋዋል?”

“እሱ? እሱ በኔ ምን አለውና!”

“ፈልጊ። ሰው ሆኖ ሌላው የማይከፋበት የለም።”

ካሜራ ፊት ባል የምትገድል ሴት፣ አሁን እጇን የምታስቀምጥበት አጣች።

“በሰው አፍ እያናገርኩ ቡድኑ ፊት አዋርጄዋለሁ” አለች። “ሌላ ደግሞ... ገፈርሳ ታሞ ተኝቶ እኔ ሄጄ አልጠየቅኩትም። የተኛበት ቤት ከምንቀርጽበት ቅርብ ነበር። ሁሉም ሰው ብርቱካን ይዞ ሄዷል። እኔ አልሄድኩም።”

“ለምን?”

“ቶሎ እንዲድን አልፈለግኩም ነበር።”

ዘርሁን ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብሎ አያት፤ የትኛውን ፊቱን ማዞር እንዳለበት እንኳ ረስቶ።

“ደግ” አሉ ኦቦ ገርባ። “አንተስ? እሷ ባንተ ምን ይከፋታል?”

ዘርሁን ሊያሳጥረው ነበር ያሰበው። “ምስጋና ላይ ሳልረሳት አልቀረሁም፣ አባቴ...” ብሎ ጀመረ። ግን ቀና ሲል ግቢው ሙሉ ሰው አየ። አጥሩ ላይ ሴቶች ተሰቅለዋል። ዘርሁን ደግሞ ተመልካች ፊት አሳጥሮ አያውቅም። ድምፁን አወረደ። እጁን ዘረጋ። ገፈርሳን መተረክ ጀመረ፤ ውሃውን፣ ትኩሳቱን፣ የተኛበትን የጠፍር አልጋ። አንዲት ሴት አጥሩ ላይ “እኔን!” አለች። ይህን ሲሰማ ባሰበት። ተነሣ፤ ተንበረከከ፤ እንባው መጣ። የገፈርሳ ውሃ በዚያ ሳምንት ጨምሯል የሚሉ አሉ፤ ዝናብ ነው የሚሉም አሉ።

“ማታ ማታ የቀረጸችውን በኮምፒውተር አምጥተው ያሳዩኝ ነበር” አለ እያለቀሰ። “ተኝቼ አያለሁ። ከብቶቹን ከውሃው ዳር ስትመልሳቸው፣ ጥላው ሲረዝም... ወይኔ አባቴ! ከኔ ይበልጥ ነበር። እኔ የቀረጽኩትና እሷ የቀረጸችው ሲያያዝ የኔ ነው ያሳፈረኝ። ፊልሙን ያሸለመው የሷ ግማሽ ነው። ለዚያ ነው ስሟን ያላነሣሁት! ካነሣሁት ሰው ግማሹን ማን ሠራው ብሎ ይጠይቃል...”

እዚህ ላይ ምን እንዳለ ራሱ ሰማው። ወይዘሮ ተስፋነሽ ጥቁር መነጽራቸውን አወለቁ፤ ቀረጻው ከተጀመረ ወዲህ ዓይናቸውን ያየነው ያን ጊዜ ነው።

ሽማግሌዎቹ ከዛፉ ሥር ሄደው ተማከሩ። ሦስተኛውም ሽማግሌ ያን ጊዜ ድምፅ አውጥተዋል ይባላል። ተመልሰው ተቀመጡ።

“ያለፈው ፊልም የሱ ሆኖ ይቅር” አሉ ኦቦ ገርባ። “ይሄኛው ያንቺ ነው። ቢዘገይም ቢፈጥንም እሱ እጁን አያስገባበትም፤ እመቤቲቱም ሰምተዋል። ዛሬ የተባለው ከዚህ ግቢ አይወጣም። ያወጣው እርቁን ያፈረሰ ነው።”

ወርቅውሃ የቸኮለች አትመስልም ነበር። “ኦቦ፣ አሁን እኮ በራሱ አፍ አመነ። ይሄ ሁሉ ሰው ሰማ።”

“ሰማ። ሰምቶ ይቀራል።”

“ያንን ስጠብቅ ነው የኖርኩት። አንዴ በሰው ፊት እንዲለው።”

“አለው።”

“ግን ላወራው አልችልም?”

“አትችዪም። ኢንተላ ኮ፣ የተሸጠች ላም ወተት አይጠየቅም። በእጅሽ ያለችውን እለቢ።”

ፀሐይዋ ወጨጫ ላይ ልትቀመጥ ጉልበቷን አጥፋለች። አንድ ዶሮ መሃል ለመሃል አቋርጦ ሄደ። የገፈርሳን ቂም ወስዳ ያኖረችበት ቦታ የት እንደሆነ አላውቅም፤ ፊቷ ላይ ግን ከዚያ ሲወጣ ይታይ ነበር፤ እንደሚነቀል ጥርስ።

“እሺ” አለች።

ተነሥተው ትከሻ ለትከሻ ተሳሳሙ። ኦቦ ዲሪርሳ ጋቢያቸውን ከካሜራው ላይ አንሥተው ለበሱ። ሽማግሌዎቹ ሣራቸውን አነሡ። “አሁን የውሸቱን አምጡ” አሉ ኦቦ ገርባ።

ችግሩ ዘርሁን ደርቋል። ያለውን እንባ ሁሉ በነፃ ጨርሶታል። በሩ ላይ ቆሞ ፊቱን ጨመደደ፣ ዓይኑን አሸ፤ ምንም። እንደ ልማዱ ወደ ሩቲ ዞረ። “ሩቲ፣ እንዴት ልሁን? ጠይቂልኝ።”

ሩቲ አንገቷን ልታዞር ስትል ወርቅውሃ ቀደመቻት።

“ዘርሁን” አለችው፣ “አታልቅስ። ምንም አትሥራ። ሄመን እስክትናገር ድረስ እጅህን ብቻ እይ።”

“ምንም?”

“ምንም። ወደ ግራም ፈቀቅ በል፤ አንድ ጫማ።”

ፈቀቅ አለ። ሶያማ ካሜራውን አስጀመረ። ዘርሁን ምንም አልሠራም፤ እጁን አየ። በሥራ ዘመኑ ምንም ሳይሠራ ሲታይ ያ የመጀመሪያው ነው፤ የእውነት ሰው የገደለ ሹፌር መሰለ። ሄመን ይቅር አለች። ኦቦ ገርባ ሣሩን ከፍ አድርገው በሁለቱም ቋንቋ ይመርቁ ጀመር። “ነጋ ኑፍ ሀ ኬኑ፣ ሰላም ይስጠን።”

“አሜን!” አለ ግቢው በሙሉ።

እንዲህ አልተባባልንም ነበር። ከካሜራው ኋላ ያለ ሰው ዝም ማለት አለበት። ግን ሽማግሌ ሲመርቅ ዝም የሚል ማን ነው? ባለሠርጎቹ አሜን አሉ፤ አጥሩ ላይ ያሉት አሜን አሉ፤ ድምፅ የሚቀዳው ልጅ ራሱ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ እንዳደረገ አሜን ብሎ ራሱን አደነቆረ። ሩቲ በእጇ አፋችንን ልታስይዝ ስትሮጥ ወርቅውሃ ክንዷን ያዘቻት። “ተያቸው” አለች። ቀጥሎ ባለው ምርቃት እሷም አብራ አሜን አለች።

“ከብት ይርባ! ልጅ ይደግ!”

“አሜን!”

አለቀ። ድንኳኑ ገባ።

ወይዘሮ ተስፋነሽ ወደ መኪናቸው ሲሄዱ ወርቅውሃን ጠርተው፣ “ያ ዘርሁን ቅድም ያለቀሰው ነው እንጂ የሚያምረው። እሱን መሃል ላይ ማስገባት አይቻልም?” አሏት።

“አልተቀረጸም፣ እትዬ።”

“ጉድ ነው! እንደዚያ ያለ እንባ መሬት ላይ ይፈሳል?” ብለው እያዘኑ ወደ ሱሉልታቸው ሄዱ።

የእርቁ ነገር ከግቢ እንዳይወጣ ስለተባለ፣ የቡራዩ ሰው ቃሉን አክብሮ አላወጣውም። ሊሰማ የፈለገውን ሁሉ ጎትቶ ግቢ እያስገባ ነው የነገረው። እኔም ይህን የጻፍኩት ግቢ ውስጥ ቁጭ ብዬ ነው።

ፊልሙ አዲስ አበባ ሲመረቅ አዳራሹ ሞላ። ወርቅውሃ ዳኜ የሚለው ስም ብቻውን፣ ያለ ማንም ጎን ለጎን፣ በነጭ ፊደል ወጣ። ያ የማይታይ ሰው ሁሉ “አሜን” ሲል አዳራሹም ሳያስበው አሜን አለ። በኋላ ጋዜጠኞች መድረክ ላይ አቆሟትና ማይክ ደቀኑባት። ዘርሁን በአጠገቧ ቆሟል።

“ከተዋናይነት ወደ ዳይሬክተርነት” አለች አንዷ ጋዜጠኛ፣ “ይሄ የመጀመሪያ ሥራሽ ነው አይደል?”

ዘርሁን ጉሮሮውን ጠረገ። አፉን ሊከፍት ሲል ወርቅውሃ እጁን ያዘችው።

“አዎ” አለች። “የመጀመሪያዬ ነው።”

“አይመስልም!”

“አይመስልም” አለች እሷም።